ምዕራፍ ሰባት፦ የእመቤት ማክቤት ልጆች ስንት ናቸው?

በ1933 ኤል. ሲ. ናይትስ የሚባል ወጣት እንግሊዛዊ ሐያሲ አንዲት ቀጭን መጽሐፍ አሳተመ። (በዚህ ምዕራፍ ያሉት ዓመቶች ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ርእሷ ጥያቄ ነው፦ እመቤት ማክቤት ስንት ልጆች ነበሯት? የሼክስፒርን ተውኔት በጸጋዬ ገብረ መድኅን አማርኛም ይሁን በሌላ ቋንቋ ያነበበ ሰው ጥያቄው ከየት እንደመጣ ይገባዋል። ሴትዮዋ ሕፃን ማጥባቷን በገዛ አፏ ትናገራለች። ባሏ ግን ዙፋኑን የሚያወርሰው ልጅ የለውም፤ ሲያንገበግበው የሚኖረውም ይኸው ነው። ታዲያ ያ ሕፃን የት ገባ? ሞተ? ከሌላ ባል የተወለደ ነበር? ናይትስ ብዕሩን ያነሣው መልስ ሊሰጥ አልነበረም። ከእሱ በፊት የነበሩ ሐያስያን፣ በተለይም ኤ. ሲ. ብራድሌይ፣ የተውኔት ሰዎችን እንደ ጎረቤት ቆጥረው የኋላ ታሪካቸውን ማጣራታቸው አስቆት ነው።

ሳቁ ተገቢ ነበር አልነበረም የሚለውን ለሥነ ጽሑፍ ሰዎች ልተውላቸው። እኔን የሚስበኝ፣ በነዚያው ዓመታት እጅግ የሚመሳሰል ሙግት በፊዚክስ ሊቃውንት መካከል መጦፉ ነው። ኤሌክትሮኑ ከመለካቱ በፊት የት ነበር? የኮፐንሃገኑን ሊቅ ኒልስ ቦርን ብትጠይቁት፣ መለኪያው ምን እንደሆነ ሳይነገር የሚቀርብ እንዲህ ያለ ጥያቄ መልስ የለውም ይላችኋል። አንስታይን ይህ ፈጽሞ አልተዋጠለትም። አንድ ነገር አንድ ቦታ ነበር ወይም አልነበረም፤ ሒሳባችሁ ሊነግረን ካልቻለ ሒሳባችሁ ጎዶሎ ነው ባይ ነበር።

ከዚህ ግጥጥሞሽ ተነሥተን አንድ የሌለ የትምህርት ዘርፍ እንፍጠር፤ ስሙንም የኳንተም ሥነ ትረካ እንበለው። ዲግሪ የሚሰጥበት ዩኒቨርሲቲ የለም፣ መምህርም የለውም። ቢኖረው ግን ምን ያስተምር ነበር? ከሚያስተምረውስ ውስጥ የትኛው ውኃ ያነሣል?

ጥርጣሬዬን ከወዲሁ ማስቀመጥ አለብኝ፤ ምክንያትም አለኝ። በ1996 አለን ሶካል የሚባል የኒው ዮርክ ዩኒቨርሲቲ የፊዚክስ ሊቅ፣ ስለ ኳንተም ግራቪቲ የሚያወራ የሚመስል፣ ውስጡ ግን ሆን ተብሎ ትርጉም የለሽ ቃላት የታጨቁበት ጽሑፍ አዘጋጅቶ ሶሻል ቴክስት ለተባለ የባህል ጥናት መጽሔት ላከ። መጽሔቱም አተመው። ሶካል ወዲያው በሌላ መጽሔት ላይ ወጥቶ ቀልድ ነበር አለ። ከዚያ ወዲህ «ኳንተም» የሚለውን ቃል ከሥነ ጽሑፍ ጎን የሚያስቀምጥ ሰው ኪሱ ሊፈተሽ ይገባል። እኔም ጭምር።

ወደ ፍተሻው እንግባ። በ1989 አኪራ ቶኖሙራና ባልደረቦቹ በጃፓኑ የሂታቺ ኩባንያ ቤተ ሙከራ ውስጥ ያደረጉት ሙከራ ስለ ኳንተም ከተጻፈው ብዙ ነገር የበለጠ ያስረዳል። ኤሌክትሮኖችን አንድ በአንድ ይልካሉ፤ አንዱ መጨረሻው ላይ ደርሶ ነጥብ ከማሳረፉ በፊት ሌላው አይነሣም። መሐል ላይ እጅግ ቀጭን ሽቦ አለ፤ ኤሌክትሮኑ በሽቦው ግራ ወይም ቀኝ ማለፍ ይችላል። የመጀመሪያዎቹ ነጥቦች እዚህም እዚያም የተረጩ ናቸው፤ ዓይን የሚይዘው ሥርዓት የላቸውም። ነጥቦቹ በሺዎች ሲሆኑ ግን ብሩህና ጨለማ መሥመሮች እየተፈራረቁ ብቅ ይላሉ። እያንዳንዱ ኤሌክትሮን ብቻውን መጥቶ፣ ብቻውን አርፎ፣ ድምሩ የሞገድ ቅርጽ ያወጣል።

ልብ በሉልኝ የምለው ጨለማውን መሥመር ነው። የግራው መንገድ ብቻ ክፍት ቢሆን እዚያ ቦታ ላይ ኤሌክትሮን ያርፋል። የቀኙ ብቻ ክፍት ቢሆንም ያርፋል። ሁለቱም ሲከፈቱ ግን እዚያ ድርሽ የሚል የለም። ሁለተኛ በር ስለተከፈተ እንግዳ የሚጠፋበት ድግስ አስቡ። በተራው የዕድል ስሌት ይህ አይሆንም፤ መንገድ ሲጨመር የመድረስ ዕድል ይጨምራል እንጂ አይቀንስም። የኳንተም ሒሳብ ግን ዕድሎችን አይደምርም። የሚደምረው አምፕሊቱድ የሚባሉ፣ አዎንታዊም አሉታዊም መሆን የሚችሉ ቁጥሮችን ነው፤ ዕድሉ የሚገኘው ድምሩ ስኩዌር ሲደረግ ነው። ስለዚህ ሁለት መንገዶች ሊጠፋፉ ይችላሉ። ይህን መሥመር ያዙልኝ፤ ኋላ እመለስበታለሁ።

እስከዚያው ግን «ኤሌክትሮኑ በየት በኩል አለፈ?» የሚለው ጥያቄ ከእመቤት ማክቤት ልጆች ጋር ምን ያህል እንደሚዛመድ እንይ። ፖላንዳዊው ፈላስፋ ሮማን ኢንጋርደን በ1931 ባወጣው መጽሐፍ፣ ልቦለድ ውስጥ ያለ ሰው ከገሃዱ ዓለም ሰው የሚለይበትን ነጥብ በግልጽ አስቀምጧል። የ«ፍቅር እስከ መቃብር»ን በዛብህን ውሰዱ። በግራ እግሩ ትንሽ ጣት ላይ ጠባሳ ነበረው? ስለ ጎረቤታችሁ ብትጠየቁ መልሱን ባታውቁትም መልስ መኖሩን ታውቃላችሁ፤ ካልሲ ማስወለቅ ብቻ ነው። ስለ በዛብህ ግን ሐዲስ ዓለማየሁ ካልጻፉት፣ ጠባሳ ነበረው ማለትም አልነበረውም ማለትም አይቻልም። ጉዳዩ የእኛ አለማወቅ አይደለም፤ የሚታወቅ ነገር የለም።

ይህ ልዩነት፣ ማለትም በ«አናውቅም» እና በ«የሚታወቅ የለም» መካከል ያለው ልዩነት፣ የኳንተም ፊዚክስ ትልቁ ጥል ነው። ለሠላሳ ዓመት ያህል የፍልስፍና ጨዋታ ሆኖ ቆየ። በ1964 የሰሜን አየርላንዱ ተወላጅ ጆን ቤል ግን ጥያቄውን ወደ ቁጥር መለሰው፦ ተጣምረው የተነሡ ሁለት ቅንጣቶች መልሳቸውን ከመለካታቸው በፊት ይዘው የሚጓዙ ከሆነ፣ እና አንዱ ጋ የሚደረገው ሌላው ጋ ወዲያውኑ የማይደርስ ከሆነ፣ የመልሶቹ መመሳሰል ከተወሰነ ልክ ማለፍ የለበትም። ተለካ፤ ልኩ ታለፈ። ጆን ክላውዘር፣ አለን አስፔና አንቶን ዛይሊንገር የ2022ን የፊዚክስ ኖቤል የተሸለሙት ለዚህ ሥራ ነው። እዚህ ላይ አንድ ነገር አለማንሣት ፍርደ ገምድልነት ይሆናል። ዴቪድ ቦህም በ1952 ባቀረበው አተረጓጎም ኤሌክትሮኑ ሁልጊዜ በአንዱ መንገድ ብቻ ያልፋል፤ ሙከራዎቹም ይህን አላፈረሱትም። ዋጋው ግን ሩቅ ያለው ነገር እዚህ ባለው ላይ ወዲያውኑ ተጽዕኖ ያደርጋል ብሎ መቀበል ነው።

እንግዲህ የኳንተም ሥነ ትረካ የመጀመሪያ ትምህርቱ ይህ ይሆናል፤ በታሪክ ውስጥ ያለ ክፍተት ሁሉ አንድ ዓይነት አይደለም። የዚህ ትምህርት ምርጥ ማስተማሪያ የርዩኖሱኬ አኩታጋዋ የ1922 አጭር ልቦለድ ነው። ጫካ ውስጥ አንድ ሳሙራይ ሞቶ ተገኝቷል። ሰባት ሰዎች ቃላቸውን ይሰጣሉ፤ ከእነሱ መካከል ሽፍታው ገደልኩት ይላል፣ ሚስቲቱ ገደልኩት ትላለች፣ የሟቹ መንፈስ ደግሞ በጠንቋይ አፍ ራሴን ገደልኩ ይላል። በተራ ፍርድ ቤት ሰው የሚዋሸው ከወንጀል ለማምለጥ ነው፤ እዚህ ሦስቱም ወንጀሉን ወደ ራሳቸው ይጎትታሉ። አንባቢው የመርማሪነት አባዜው ይነሣበትና ማስረጃ ይለቅማል። ጩቤው የት ገባ? ገመዱስ? ነገር ግን አኩታጋዋ ከሰባቱ ቃሎች በቀር ሌላ ጫካ አልሠራም። ከቃሎቹ ጀርባ የሚታይ አንድ እውነተኛ ግድያ አለ ብሎ መቆፈር የበዛብህን ካልሲ እንደማስወለቅ ነው።

አኪራ ኩሮሳዋ በ1950 ታሪኩን «ራሾሞን» ብሎ ፊልም ሲያደርገው ምን እንዳደረገ ተመልከቱ። ከሰባቱ አንዱ የነበረውን እንጨት ቆራጭ አራተኛ ተራኪ አደረገው፤ ሁሉን ያየ፣ ከግድያው ጋር ጉዳይ የሌለው የዓይን ምስክር። ቀጥሎ ግን እሱም ውድ ጩቤ መስረቁ ይወጣና ምስክርነቱ ይሸረፋል። በእኔ ፍርድ ኩሮሳዋ ለተመልካቹ አዝኖለታል፤ አንስታይን የተመኘውን ዓይነት ድብቅ መልስ ሰጥቶ መልሶ ግማሹን ቀማው። ፊልሙን እወደዋለሁ። ጭካኔው ያለው ግን ልቦለዱ ላይ ነው።

«መለካት» የሚለው ሐሳብ በትረካ ላይ ሲሞከር ደግሞ የሚበጠስበት ቦታ አለ። ማክቤትን የሚያዘጋጅ ዳይሬክተር ስለ ልጁ መወሰን ይችላል። የጀስቲን ከርዘል የ2015 ፊልም የሚከፈተው በማክቤቶች ሕፃን ቀብር ነው፤ ናይትስ የሳቀበት ጥያቄ ገና በመጀመሪያው ትዕይንት ተመለሰ። ይህ መለካት ይመስላል፦ ያልተወሰነው ተወሰነ። ነገር ግን አንዴ የተለካ ኤሌክትሮን ወዲያው ደግማችሁ ብትለኩት ያንኑ መልስ ይሰጣል። የሼክስፒር ተውኔት ከከርዘል በኋላ እንደ ቀድሞው ክፍት ነው፤ ነገ ሌላ አዘጋጅ እመቤት ማክቤትን መካን ቢያደርጋት ማንም አይከሰውም። ድርሰቱ ከቶ አይለካም፤ የሚለካው አንድ ምሽት ነው።

ስለ ብዙ ዓለማት በአጭሩ ላልፍ፤ ከሚገባው በላይ ተወርቶበታል። ሂው ኤቨረት በ1957 ባቀረበው ሐሳብ መሠረት፣ መልሶቹ ሁሉ ይሆናሉ፤ ዓለም ይከፋፈላል እንጂ አንዱ አይመረጥም። ከእሱ 16 ዓመት ቀድሞ በ1941 አርጀንቲናዊው ሆርኼ ሉዊስ ቦርኸስ ስለሚነጣጠሉ መንገዶች የአትክልት ስፍራ ጽፎ ነበር፤ ውስጡ ሁሉም ነገር በተለያየ ጊዜ የሚሆንበት አንድ ግራ የሚያጋባ መጽሐፍ አለ። ሁለቱን ማጎራበት የተለመደ ነው። የሚዘነጋው የቦርኸስ ታሪክ አጨራረስ ነው። ሰላዩ ያንን መጽሐፍ የፈታለትን ሊቅ በጥይት ይገድለዋል፤ እሱም ተይዞ ስቅላት ይፈረድበታል። ስለ ቅርንጫፍ ሁሉ የሚያወራው ታሪክ የሚዘጋው አንድ ብቻ በሆነ፣ ሊመለስ በማይችል ተኩስ ነው። ቦርኸስ የፊዚክስ ነቢይ ነበር ከማለት ይልቅ ይህን ምሬት ማየት ይሻላል።

ቡና ላይ ይህን ወሬ ሳነሣ ሁልጊዜ አንድ ሰው «የእኛ ሰምና ወርቅስ ቀድሞ ኳንተም አልነበረም ወይ?» ይለኛል። አልነበረም። ኅብረ ቃሉ ሁለት ፍቺ አለው፣ ሰሚው እስኪፈታው ድረስም ሁለቱ በአንድ ቃል ውስጥ ያድራሉ፤ እስከዚህ ድረስ ይመሳሰላል። ግን ቅኔ ሲፈታ ሰሙ አይጠፋም። ተማሪው ወርቁን ሲያገኘው የሚደሰተው ሰሙ አሁንም እዚያው ስላለ፣ አንዱ በሌላው ላይ ሲያላግጥ ስለሚያየው ነው። ኤሌክትሮን በግራ በኩል ሲገኝ ግን ቀኙ ይጠፋል፤ ያ ውብ የመሥመር ሥርዓትም አብሮት ይጠፋል። ደግሞም ባለ ቅኔው ሁለቱንም ፍቺ ዐውቆ ነው የሰወረው፤ አዋቂ ሰሚም አንዷን ትክክለኛ ወርቅ ያወጣል። የዋሸራ ወይም የዋድላ የቅኔ መምህር ለአንድ ተማሪ «የሚታወቅ ወርቅ የለም» አይለውም፤ «አልገባህም» ነው የሚለው። ያ ደግሞ የአንስታይን ወገን ነው።

እስካሁን ያየነው አብዛኛው ምሳሌ ሲጎተት ተቀደደ። እውነተኛው ፍሬ ያለው ሌላ ቦታ ላይ ነው፤ ጨለማውን መሥመር ያዙልኝ ያልኩትም ለዚህ ነበር።

በ1983 አሞስ ትቨርስኪና ዳንኤል ካህነማን ስለ አንዲት ሊንዳ ስለምትባል ሴት የጥቂት መሥመር ታሪክ ለሰዎች ሰጡ። 31 ዓመቷ ነው፤ ያላገባች፣ ሐሳቧን በግልጽ የምትናገር፣ ብሩህ አእምሮ ያላት፣ ፍልስፍና ያጠናች፣ ተማሪ ሳለች ስለ አድልዎና ፍትሕ የምትቆረቆር። ከዚያ ጠየቁ፤ የትኛው የበለጠ ዕድል ያለው ይመስላችኋል? የባንክ ገንዘብ ከፋይ ናት ወይስ የባንክ ገንዘብ ከፋይ የሆነች የሴቶች መብት ታጋይ? 85 በመቶው ሁለተኛውን መረጡ። በተራው ስሌት ይህ አይሆንም፤ ታጋይ የሆኑት ገንዘብ ከፋዮች ከገንዘብ ከፋዮች ሁሉ ሊበዙ አይችሉም። ካህነማንና ትቨርስኪ ሰዎች ዕድልን በመመሳሰል ስለሚገምቱ ነው አሉ። አሳማኝ ነው። ነገር ግን የኢንዲያናው የሥነ ልቦና ሊቅ ጀሮም ቡሰማየርና ባልደረቦቹ በኋላ ሌላ መንገድ አሳዩ። ከሊንዳ ታሪክ ተነሥቶ በቀጥታ ወደ «ገንዘብ ከፋይ» መድረስ የሚቻለው በሁለት መንገድ ነው፤ በታጋይነት በኩልና ታጋይ ባለመሆን በኩል። መንገዶቹ ሳይለዩ ሲቀሩ አምፕሊቱዶቻቸው ሊጠፋፉና ግምቱን ሊያወርዱት ይችላሉ። «ታጋይ ናት» የሚለው መጀመሪያ ሲወሰን ግን አንዱ መንገድ ብቻ ይቀራል፤ መጠፋፋቱም ይቆማል። የቶኖሙራ ጨለማ መሥመር ይኸው ነው፣ በሰው ግምት ላይ።

ይህን ሲሉ አእምሯችን ውስጥ ኤሌክትሮን ይጨፍራል አላሉም፤ ደጋግመው የሚያስጠነቅቁትም ይህን ነው። የተዋሱት ሒሳቡን ብቻ ነው። ሒሳብ ደግሞ ሊሳሳት ይችላል፤ የምወድለትም ለዚሁ ነው።

ሊሳሳት የሚችልበትን ቦታ እነሆ። በመስከረም 1997 የሕዝብ አስተያየት አጥኚው ድርጅት ጋሉፕ ወደ አንድ ሺህ የሚጠጉ አሜሪካውያንን ስለ ፕሬዚዳንታቸውና ስለ ምክትሉ ሁለት ጥያቄ ጠየቀ፤ ቢል ክሊንተን ሐቀኛና የሚታመን ሰው ነው? አል ጎርስ? ለግማሾቹ ክሊንተን ቀደመ፤ 50 በመቶ ስለ ክሊንተን አዎ አሉ፣ ቀጥሎ ስለ ጎር 60። ለሌሎቹ ጎር ቀደመ፤ ስለ ጎር 68፣ ቀጥሎ ስለ ክሊንተን 57። ሁለቱ ሰዎች መጀመሪያ ሲጠየቁ 18 ነጥብ ይራራቃሉ፤ ሁለተኛ ሲጠየቁ 3 ብቻ። መጀመሪያ የተጠየቀው በቀጣዩ ላይ ጥላ ይጥላል፤ ይህን ገበያ ላይ ዋጋ የተከራከረ ሁሉ ያውቀዋል። የማይታወቀው የሚከተለው ነው። የኳንተም ሒሳብ እውነት ከሆነ፣ ለሁለቱም ጥያቄ «አዎ» ያሉትንና ለሁለቱም «አይ» ያሉትን ብትደምሩ፣ ይህ ድምር ቅደም ተከተሉ ቢገለበጥም መለወጥ የለበትም። የግል ቁጥሮቹ ይዋዥቁ፤ ይህ ድምር ግን ቀጥ ይበል። ከመረጃው ጋር እንዲስማማ የሚጠመዘዝ ብሎን የሌለው ትንበያ ነው። ዠንግ ዋንግ፣ ቡሰማየርና ሌሎች በ2014 ባወጡት ጥናት በ70 አገር አቀፍ የሕዝብ አስተያየት ጥናቶች ላይ ፈተኑት፤ ትንበያው ደኅና አድርጎ ቆመ።

ለእኛ ግን ይበልጥ የሚጠቅመው የወደቀበት ቦታ ነው። ጋሉፕ በሌላ ጊዜ ስለ ሁለት የቤዝቦል ተጫዋቾች ጠይቆ ነበር፤ ፒት ሮዝና ጆ ጃክሰን ወደ ዝነኞች አዳራሽ ይግቡ ወይስ አይግቡ? ሁለቱም ከውርርድና ከጨዋታ መሸጥ ጋር ስማቸው የተነሣና በዚያን ጊዜ የታገዱ ነበሩ። እዚህ ድምሩ ተዛባ። ምክንያቱን ሲያዩት፣ ጠያቂው ከእያንዳንዱ ጥያቄ በፊት ስለ ተጫዋቹ አጠር ያለ መግለጫ ያነብ ነበር። ጎርና ክሊንተን ማን እንደሆኑ ማንም አልነገረም፤ ስለነዚህ ግን በሁለቱ ጥያቄዎች መሐል አዲስ ነገር ተነገረ። ሒሳቡም ቀድሞ የሚለው ይህንኑ ነው፤ መሐል የሚገባ አዲስ ነገር ከሌለ ብቻ ነው እኩልነቱ የሚሠራው። በሌላ አነጋገር እኩልነቱን የበጠሰው ትረካ ነው፣ ያውም የሁለት ሦስት ዐረፍተ ነገር ትረካ።

የሌለው ዘርፋችን የሚሠራው ሥራ ካለ የሚጀምረው እዚህ ይመስለኛል። የአኩታጋዋን ልቦለድ ለአንባቢዎች ስጡ፤ ግን እስከ ሚስቲቱ ቃል ድረስ ብቻ። ከዚያ ጠይቁ፦ ሽፍታው ገዳይ ነው? ሚስቲቱስ? ለግማሾቹ አንባቢዎች ሽፍታው ይቅደም፣ ለግማሾቹ እሷ። ድምሩ ቀጥ ካለ፣ አንባቢ ስለ ልቦለድ ሰዎች የሚፈርደው ስለ ክሊንተንና ጎር በፈረደበት ሥርዓት ነው ማለት ነው። ቀጥሎ ለሌላ ቡድን፣ በሁለቱ ጥያቄዎች መሐል የመንፈሱን ቃል አስገቡ። አሁን ድምሩ መዛባት አለበት፤ ጥያቄው በስንት ነጥብ የሚለው ነው። የመንፈሱን ቃል አውጥታችሁ በቦታው ስለ አየሩ ሁኔታ አንድ አንቀጽ ብታስገቡስ? ወይም ከሰባቱ ቃሎች አንዱ የሆነውን፣ አስቀድመው ያነበቡትን የፖሊሱን ቃል ብትደግሙላቸውስ? ያ የመዛባት መጠን አንድ የትረካ ቁራጭ በአንባቢ ፍርድ ላይ ምን ያህል እንደሠራ የሚናገር ቁጥር ይሆናል፤ ኅብረ ቃል፣ ውበት ወይም ጥበብ የምንለውን አይለካም፣ አንድን ነገር ግን በትክክል ይለካል።

ሙከራው ርካሽ አይደለም። የቶኖሙራ ኤሌክትሮኖች ሁሉ አንድ ዓይነት ነበሩ፤ አንባቢዎች አይደሉም። ደግሞም አንድ አንባቢ የሚያገለግለው ለአንድ ቅደም ተከተል ብቻ ነው፤ መንፈሱን አንዴ የሰማ ሰው እንዳልሰማ ሆኖ አይመለስም። ጋሉፕ ለሁለት ቅደም ተከተል ሺህ ያህል ሰው አስፈልጎት ነበር። የእኛ ሙከራ፣ ከመንፈሱ፣ ከአየሩና ከፖሊሱ ጋር፣ ስምንት ቡድን ይፈልጋል፤ ልቦለዱን ከዚህ በፊት ያላነበቡ፣ ፊልሙንም ያላዩ አራት ሺህ ያህል ሰዎች።